ያልተዋጠ ምራቅ

ኅዳር ነው፤ ሐርቡ ላይ ማሽላ ታጭዷል፤
ከክምሩ ግርጌ አይጥ ተሸሽጓል፤
አይጡን ተከትሎ እፉኝት ዘልቋል፤
እፉኝቱን ሳያይ አራጋው እጁን ሰዷል።

ከደላንታ ወርዶ ለአጨዳ የመጣ፣
በቃሬዛ ገባ ጨረቃ ስትወጣ፤
እጁ እስከ ክርኑ እንደ ሊጥ አብጦ፣
ደሙም አልረጋ ብሎ ከድዱ አምልጦ።

ስሜ ሐዋ ነው፤ ከእባብ ዘር ጋራ
የቆየ ሒሳብ አለን፣ ያልተዘጋ፣ የጥንት ኪሳራ።
ማቀዝቀዣውን ከፈትኩ፤ ከክትባቱ ኋላ
አንዲት ብልቃጥ አለች፤ ሌላ የለም፤ ሌላ
ከደሴ እስኪመጣ ይነጋል።

አንዷን ሰጠሁት።

አበጋር ሙሄ መጡ፣ ከዘራቸው ቀድሞ፣
ያጫጁ ጓድ ሁሉ ለ«አሚን» ቆሞ፤
«መርፌዋም ይስመር፣ ዱዓችንም ይስመር» ብለው፣
«እትፍ፣ እትፍ» አሉበት ግንባሩን ዳብሰው።

ሊነጋጋ ሲል ደሙን በብርጭቆ ቱቦ ቀዳሁ።
ሃያ ደቂቃ አይነካም። ይረጋ እንደሁ
ለማየት ከጎኑ ተቀመጥኩ፤
በዚያች ሃያ ውስጥ ነው ይህን ያሰብኩ።

ሽማግሌው ከአፋቸው ያርከፈከፉት ጠል፣
እፉኝቱ በጥርሱ የረጨው ነበልባል፣
የዘር ሐረጉ ቢመዘዝ ሁለቱም ምራቅ ይባላል።

ድሮ፣ ድሮ፣ ድሮ፣ እባብ እግር ሳለው፣
ምራቁ ጉሮሮ ከማራስ በቀር ሥራ አልነበረው።
አንዱ ግልገል ግን ሲወለድ ምራቁ ትንሽ መረረ፤
የነከሳት እንሽላሊት ለመሸሽ ዘገየች፤ እሱም በልቶ አደረ።
ልጁም መረረ። የልጅ ልጁም። ያልመረረው ጾሙን ሰነበተ።
በማይቆጠር ዘመን፣ ጠብታ በጠብታ፣
ምራቅ ስለት አወጣ፤ ጥርስ ቦይ ከፈተ።

እኛ አስተዋዩን ሰው «ምራቁን የዋጠ» እንላለን፤
እባብ ግን ባይውጠው ነው ጥበብ የገባው።

ደግሞ እሱ ብቻ አይደለም።
ጊንጥ በጅራቱ፣ ሸረሪት በመንጋጋው፣
ከባሕር ወለል ላይ ቀንድ አውጣ እንኳ ጥርሷን ጦር አድርጋው፤
ተርብና ንብ የእንቁላል መጣያቸውን ሞርደው
(ወንዱ ንብ የማይናደፍ ለካ ለዚህ ነው!)፤
ማንም ከማንም ሳይመካከር፣ ሳይጠያየቅ፣
እንደ ሰኞ ገበያተኛ፣ አንዱ ከአፋር በረሃ፣ አንዱ ከደጋ ጥግ፣
በየመንገዱ መጥቶ ባቲ ሜዳ ላይ እንደሚተያይ፣
ሁሉም መርዝ ላይ ደረሰ።

ጥላቻ የለበትም። መርዝ እራት ነው፤
መርዝ «አትርገጠኝ» ነው፤
ለመቀመም ውድ ነው፣ እባብም ይሳሳለታል፤
አንዳንዴ ነክሶም ጠብ ሳያደርግ ይሄዳል።
ያቺ የክምሩ ሥር ደብዳቤ ለአይጥ ነበር የተጻፈች፤
አራጋው ነው የከፈታት።

ለአበጋር ያልነገርኳቸው ነገር አለ፦
ጠዋት ጠዋት የሚውጧት የደም ግፊት ክኒን፣
በየወሩ ከዚሁ መስኮት ቆጥሬ የምሰጣቸው፣
መላዋ የተገኘ ከሩቅ ጫካ እባብ መርዝ ነው።
እባብ የሰው ደም እንዴት እንደሚወርድ ያውቃል፤
ሐኪም ከእሱ ጠይቆ፣ መጠኑን ቀንሶ፣ በካርቶን ያሽጋል።

የብልቃጧም ነገር እንዲሁ ነው፤
ከማላውቀው አገር አንድ ፈረስ
መርዙን በማንኪያ በማንኪያ ለምዶ፣ ደሙ ተምሮ፣
ዛሬ በአራጋው ክንድ ውስጥ ይጋልባል፤
ላብ በላብ ሆኖ፣ አቀበቱን፣ ብቻውን።

ሃያ ሞላ።
ከዋናው መንገድ የመኪና ጥሩንባ ሰማሁ፤
የደሴው ይሁን የእህል ጫኝ አልለየሁም።
አበጋር በረንዳው ላይ ተኮራምተው ያንቀላፋሉ፤
መቁጠሪያቸው ከጣታቸው ላይ ቆሟል።
አራጋው አንድ ዓይኑን ከፍቶ፣ «ማሽላው ተወቃ?» አለኝ።

ቱቦውን ከመደቡ አነሣሁ፤
ወደ መስኮቱ ብርሃን፣ ቀስ ብዬ፣
አዘነበልኩት፤

ምራቄን ዋጥኩ።